አሸዋ ላይ የተኛው ሻርክ

ባለፈው ሰኔ ከአዲስ አበባ ወደማስተምርበት ወደ እጃጂ ስመለስ አውቶቡሱ ጊንጪ ላይ ለምሳ ቆመ። ሽሮ አዝዤ ተቀመጥኩ። ግድግዳው ላይ የተሰቀለው ቴሌቪዥን የባሕር ፊልም ያሳያል፤ አንድ ሻርክ ውኃው ሥር አሸዋ ላይ ተጋድሟል። አጠገቤ ከተቀመጡት ሁለት ወጣቶች አንዱ «ሞቷል» አለ። ጓደኛው አልሞተም፣ ይሄኛው ቀን ቀን ተኝቶ ነው የሚተነፍሰው ብሎ መለሰለት። የጠቀለልኩት እንጀራ እጄ ላይ ቀረ። ይህንኑ ነገር ጉደር ውስጥ ሰሌዳ ላይ ጽፌ፣ ዐይኔ እያየ ጠፍቶብኛል።

ያኔ፣ ከዓመታት በፊት፣ ለመመረቅ የማስተማር ልምምድ ብቻ ቀርቶኝ ነበር። በየጠዋቱ ከአምቦ በሚኒባስ ጉደር እሄዳለሁ። ክረምቱ ገና መውጣቱ ስለነበር ማሳው አረንጓዴ፣ ጫማዬ ጭቃ በጭቃ ነው። እናቴ የቋጠረችልኝን የገብስ ጭኮ መንገድ ላይ እበላና ክፍል ስገባ ጣቶቼ ቅቤ ቅቤ ይሸታሉ። ውጤቴን የሚሰጡት ኦቦ ድሪባ የሚባሉ የባዮሎጂ መምህር ነበሩ። የኋላ ወንበር ላይ ተቀምጠው ሳስተምር ያዩኛል። እሳቸው ካላሳለፉኝ አልመረቅም። ሁለታችንም ይህን እናውቃለን፤ እሳቸው ደግሞ ማወቃቸው ደስ ይላቸዋል።

ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ዐይንና ናጫ ሆንን። ጠመኔ አያያዜን፣ ድምፄን፣ ቀሚሴን ሳይቀር ይነቅፋሉ። እኔም የዋህ አልነበርኩም። ሲያንቀላፉ ካየሁ ሆን ብዬ ድምፄን ከፍ አደርጋለሁ።

አንድ ቀን ስለ ዓሣ አተነፋፈስ ሳስተምር አንዲት ተማሪ ሻርክ መዋኘት ካቆመ ይሞታል ወይ ብላ ጠየቀችኝ። የዶርም ጓደኛዬ በፍላሽ ያመጣችውን የባሕር ፊልም፣ መብራት በመጣ ቁጥር እያየሁ በቃሌ ይዤው ነበር። ሁሉም አይሞትም አልኳት። በባሕር ጠረፍ፣ ጥልቀት በሌለው ውኃ ውስጥ፣ ከድንጋይ ዋሻ ሥር ቀኑን ሙሉ ተኝቶ የሚውል ዓይነት አለ። ውኃውን በአፉ እየሳበ ከራሱ ጎን ባሉት ስንጥቆች ያስወጣዋል። ሲመሽ ይነሣና አፉ አጠገብ ባሉት ሁለት ጢሞች ወለሉን እየዳበሰ፣ ሸርጣኑን ከጉድጓዱ መጥጦ ያወጣዋል። ይህን ሁሉ ነግሬያቸው «ተኝቶ ይተነፍሳል» ብዬ ጻፍኩ።

ኦቦ ድሪባ ከወንበራቸው ተነሡ። እዚያ ትምህርት ቤት መምህር ሲነሣ ተማሪ መነሣት ደንቡ ነውና ክፍሉ በሙሉ አብሯቸው ብድግ አለ።

«ኩን ማሊ? ምንድን ነው የምትጽፊው? ሻርክ ካልዋኘ ይሞታል። ሀቂ! አጥፊው» አሉኝ።

ተቀመጡ የሚላቸው ስላልነበረ ልጆቹ እንደቆሙ ቀሩ። አንዳንዶቹ ወደ እሳቸው፣ አንዳንዶቹ ወደ እኔ ያያሉ።

«ኦቦ ድሪባ፣ ልክ የሆነውን አላጠፋም። ከፈለጉ እርስዎ ያጥፉት» አልኳቸው።

በወንበሮቹ መሐል አልፈው መጡና በኮታቸው እጅጌ ጠረጉት። አንቺ ሳትወለጂ ጀምሬ አስተምሬያለሁ፤ ባሕር ያላየች ልጅ ስለ ባሕር አትነግረኝም አሉ። እሳቸውም ቢሆኑ ከጉደር ወንዝ የሰፋ ውኃ ያዩ አይመስለኝም።

ጣሉኝ። ጓደኞቼ ጋዋን ለብሰው ፎቶ ሲነሡ እኔ ልምምዱን እንድደግም ተወሰነብኝ። እናቴ ለምርቃቴ ብላ ያሰረችው በግ ለገና ታረደ፤ ሥጋው አልወርድ አለኝ።

ይህን ሁሉ እያሰብኩ ወጣቱን ስለ ሻርኩ የት እንደተማረ ጠየቅሁት። ጉደር ነው አለኝ።

«ማን አስተማረህ?»

«ኦቦ ድሪባ። እንደሳቸው ያለ መምህር የለም። ‹ተኝቶ ይተነፍሳል› ብለው ሰሌዳው ላይ ይጽፉና የማያምን ካለ ይነሣ ይሉን ነበር። ማን ይነሣል?» ብሎ ሣቀ።

እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል። ጠራ፤ ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር፣ አላለኝም። የአውቶቡሱ ጥሩምባ ሲነፋ፣ መጀመሪያ የጻፍኩት እኔ ነኝ ሳልለው ሂሳቤን ከፍዬ ወጣሁ። ጉደርን ስናልፍ ፊቴን ከትምህርት ቤቱ አዞርኩ። ሳያውቁ ስለጣሉኝ ይቅር ልላቸው እችላለሁ። ልክ እንደነበርኩ አውቀው ዝም ማለታቸውን ግን አልችልም።