አምስት ዓመት ያገለገለች

ዓይኔ መኪና መንዳቱን ካስተወኝ ወዲህ ጅቡቲ ውስጥ የቀረኝ ሥራ ዓርብ ዓርብ ማስታወቂያ ማበላሸት ነው። ካርቲየ 2 በሚባለው ሰፈር ባለችው ክፍሌ የአገር ቤት ጣቢያ የሚስብ ቴሌቪዥን አለኝ። ሰው ቤት ተቀጥረው የሚሠሩ አራት የአገሬ ልጆች በዕረፍት ቀናቸው ድራማ ሊያዩ ይመጣሉ። ድራማው ተቋርጦ ማስታወቂያ ሲገባ ድምፁን አጠፋና ጭልፋ እንደ ማይክ ይዤ እነሳለሁ። ድምፄ ወፍራም ነው፤ ከወፍራም ነገሬ የተረፈኝ እሱ ብቻ ነው።

"እንዴ ጓደኛዬ፣ ፊትሽ በምን እንዲህ አበራ?" እላለሁ በቀጭኑ።

"በካርቲየ 2 ሙቀት!" እመልሳለሁ በወፍራሙ። "ያለ ክፍያ ያቀልጣል። ሳይቀዘቅዝ ይፍጠኑ።"

ከሁሉ ቀድማ የምትስቀው ፕላቶ ዱ ሰርፓን በሚባለው የሀብታም ሰፈር የምትሠራው ልጅ ነበረች። አንድ ዓርብ ግን ማዳሟ አገር ለቃ ልትሄድ እንደሆነ፣ እሷንም ሠራተኛ ለሚፈልጉ ወዳጆቿ በስልክ እያስተዋወቀቻት እንደሆነ ነገረችን። ማስታወቂያው ገባ። እኔ ደግሞ ጭልፋ ከያዝኩ ልብ የሚባል ነገር አልፈጠረብኝም።

"አምስት ዓመት ያገለገለች! በጥሩ ይዞታ ላይ የምትገኝ!"

ሦስቱ ሳቁ። እሷ ጫማዋን ፈለገች።

"አባባ፣ እኔ ፍሪጅ ነኝ?" ብላኝ ወጣች።

ማመስገኔ ነበር፤ አምስት ዓመት ማገልገል ቀላል ነው እንዴ? ግን ያገለገለ የሚባለው መኪና ነው፣ አልጋ ነው። ይህን ለማወቅ ሽበቴ አልበቃኝም።

በቀጣዩ ዓርብ አልመጣችም። አዲስ ቤት ገባች አሉኝ። ጭልፋውን አላነሳሁም፤ ማስታወቂያዎቹም በገዛ ድምፃቸው አለፉ። ለካ አያስቁም።

በሦስተኛው ዓርብ መጣች። ቻርጀሯን ረስታ ኖሮ ለእሱ ነው። በሩ ላይ እንደቆመች ማስታወቂያ ገባ። ቶሎ ብዬ ጭልፋዬን አነሳሁ።

"ሰባ ሁለት ዓመት ያገለገለ ሽማግሌ! ጉልበቱ ይንቋቋል፣ ጆሮው ደስ ሲለው ይሠራል። አፉ ግን..."

 መጥታ ጭልፋውን ከእጄ ወሰደችው።

"አፉ ማጥፊያ የለውም። ዋስትና የለውም። የተሸጠ ዕቃ አይመለስም።"

ሦስቱ በሳቅ ወደቁ።

"ማን ይገዛኛል ታዲያ?" አልኳት ቀስ ብዬ።

"እሱን እንጃ። ድራማው ገብቷል፣ ድምፁን ይጨምሩት አባባ" ብላ ቦታዋ ላይ ተቀመጠች።

ቻርጀሯን ቦርሳዋ ውስጥ ከተተች። ጭልፋውን ግን እስክትሄድ ድረስ አልሰጠችኝም።