አባባ በዳዳ ያወጡልኝ ስም

ባለፈው ኅዳር መገናኛ የታክሲ ሰልፍ ላይ ቆሜ ሳለ አንዲት ሴት የሽምብራ እሸት ማዳበሪያ ላይ ዘርግታ ስትሸጥ አየሁና ተራዬን ትቼ አንድ እስር ገዛሁ። ቤቴ እስክደርስ እንኳ አልታገስኩም፤ ሚኒባሱ ውስጥ መስኮቱ ጋ ተቀምጬ ፍሬውን በጥርሴ እየፈለቀቅሁ መብላት ጀመርኩ። የሽምብራ እሸት ከማሳው ነቅሎ የበላ ሰው ያውቀዋል፤ ቅጠሉና ቆባው ላይ እንደ ላብ ጨው ጨው የሚል፣ ኮምጠጥ ያለ ነገር አለው፣ ከንፈር ያቃጥላል፣ ጣት ያጣብቃል። ያ ጨው ምላሴን ሲነካው የረዳቱ ጩኸትና የመንገዱ ጭንቅንቅ ከጆሮዬ ጠፉ፤ ስምንት ዓመቴ ሆነ፣ እግሬ ጥቁር መረሬ አፈር ውስጥ እስከ ቁርጭምጭሚቴ ሰመጠ፣ ከአጥር ማዶም አንድ ሽማግሌ በስሜ ጠሩኝ። ዛሬ ማንም በማይጠራኝ ስሜ።

ያደግኩት ከመገናኛ ወደ ገርጂ በሚወስደው መንገድ፣ አስፋልቱ ካለቀ በኋላ ገና ብዙ በእግር በሚኬድበት ሰፈር ነው። አባቴ ሲሳይ ከሰሜን ሸዋ መጥቶ በአንድ መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ውስጥ የተቀጠረ፣ ሸሚዙ ቢነትብም ክራቫቱን የማይረሳ ሰው ነበር። የተከራየናት ሁለት ክፍል የጭቃ ቤት የአባባ በዳዳ ማሳ ጠርዝ ላይ ነበረች፤ እሳቸውና ባለቤታቸው እማማ ጫልቱ አያት ቅድመ አያቶቻቸው ካረሱት መሬት ላይ ያልተነሱ ገበሬዎች ነበሩ። ከተማው ከሩቅ እየተንፏቀቀ ሲመጣባቸው ያዩ ነበር፤ ግን እስኪደርስ ድረስ ማረሳቸውን አላቆሙም። ቦሌ የሚያርፉት አውሮፕላኖች ሆዳቸው እስኪታይ ዝቅ ብለው በማሳው ላይ ሲያልፉ እኛ ልጆች ጆሯችንን ይዘን እንጮሃለን፤ በሬዎቹ ግን ቀና ብለው አያዩዋቸውም።

እናቴ ከእኔ በፊት ሁለት ልጆች ቀብራለች፤ ሁለቱም ክርስትና ሳይነሱ ነው የሞቱት። እኔን ያማጠችው በነሐሴ ጭቃ፣ መኪና ወደ ሰፈሩ በማይገባበት ጊዜ ነበር፤ የእኛ ጣራ ስለሚያፈስ የጎረቤት ሴቶች ደግፈው እማማ ጫልቱ ቤት አስገቧት። አባባ በዳዳ በዚያ ቀን ራሳቸው ሐዘን ላይ ነበሩ፤ ቀዩ በሬያቸው ከጠፋ ሦስት ቀኑ ነው፣ እስከ ወንዙ ማዶ ፈልገውት ተስፋ ቆርጠው አጥራቸው ሥር ቁጭ ብለዋል። እናቴ እንደነገረችኝ፣ እኔ ተወልጄ መጀመሪያ ስጮህ በሬው የተበጠሰ ገመዱን እየጎተተ ራሱ በበሩ ገባ። አባባ በዳዳ ብድግ ብለው "ሚልኪ!" አሉ። በኦሮምኛ ሚልኪ የቀና ዕድል ነው፤ ገድ እንደምንለው ያለ።

እናቴ ሞት እንዳይቀናብኝ ብላ አንድ አስቀያሚ ስም ልታወጣልኝ አስባ ነበር፤ የትኛው እንደነበረ እስክትሞት ድረስ አልነገረችኝም። አባቴ ግን ሚልኪ የሚለውን ወደደው። እሱ ራሱ ከአንድ ክፉ የረሃብ ዓመት በኋላ እህል ሲደርስ ስለተወለደ ነው ሲሳይ የተባለው፤ አባቱ ደግሞ ሀብቴ ነበሩ። በዚህ ላይ ስም ያወጡልኝ ሰውዬ ስማቸው በዳዳ ነው፣ የበለጸገ ማለት። አንደኛ ክፍል ስመዘገብ መምህሩ "ሚልኪ ሲሳይ ሀብቴ" ብለው ጽፈው ቀና አሉና ልጥፍ ያለበትን ሹራቤን አይተው ፈገግ አሉ። እስከዚያ ቀን ድረስ ድሆች መሆናችንን አላውቅም ነበር መሰለኝ።

አባባ በዳዳ ስሙን አውጥተው ብቻ አልተዉትም። ዘር ሊዘሩ፣ ወይፈን ሊገዙ፣ የታመመ ሊጠይቁ ሲነሱ ቀድመው ማየት የሚፈልጉት የእኔን ፊት ነው። በማለዳ በቅንጭቡ አጥር በኩል "ሚልኪ ኮ፣ ኮቱ!" ይላሉ፤ ሚልኪዬ፣ ነይ ማለታቸው ነው። እኔ ዓይኔን እያሻሸሁ፣ ጸጉሬ እንደተንጨባረረ እወጣለሁ። እናቴ ፊቴን ልታጥበኝ ስትል "ተይ፣ ዕድሌን ታጥቢብኛለሽ" ብለው ይቆጧታል። ባዶ ዕቃ የያዘ ሰው ካጋጠማቸው ከመንገድ የሚመለሱ ሰው ስለነበሩ እናቴ ውኃ የሞላ ጆግ ታስይዘኛለች፤ እኔም እንዳይፈስብኝ ምላሴን አውጥቼ እየተጠነቀቅሁ ፊታቸው እቆማለሁ። ትኩር ብለው ያዩኛል፣ አናቴን እትፍ እትፍ ብለው ይመርቁኛል፣ ይሄዳሉ። ሲመለሱ ከማሳው እሸት ነቅለው ይሰጡኛል፤ ጉዳያቸው ቢሳካም ባይሳካም ይሰጡኝ ነበር፤ ይህን ያስተዋልኩት ግን ካደግኩ በኋላ ነው።

ነገሩ የተበላሸው ስድስተኛ ክፍል ነው። አንድ ቀን መምህራችን ስለ ጎጂ ልማዶች ሊያስተምሩ ጥቁር ሰሌዳው ላይ አንድ፣ ሁለት እያሉ ሲዘረዝሩ አራተኛው ላይ "በምልኪ ማመን" ብለው ጻፉ። በአማርኛው ምልኪ ድመት መንገድ ስታቋርጥ ወይም ወፍ ሲጮህ ክፉ ይመጣል ብሎ መፍራት ነው። ስሜ ጠመኔው እየጮኸ ሰሌዳ ላይ ተሰቀለ፤ ስድሳ ልጅ በአንድ ጊዜ ዞሮ አየኝ። መምህሩ ገብቷቸው ደነገጡና "የሷ ሌላ ነው፣ የሷ ጥሩ ነው" ቢሉም የሰማቸው የለም። ከዚያን ቀን ወዲያ ፈተና ባለ ቁጥር ልጆቹ ስገባ ዓይናቸውን ይሸፍናሉ፤ ኳስ የተሸነፉት እኔ ስላየሁ ነው፣ ዝናብ የመታቸው እኔ ስላለፍኩ ነው። አንዲት የምወዳት ጓደኛዬ ሳትቀር ከሒሳብ ፈተና በፊት "ዛሬ ብቻ ሌላ ቦታ ተቀመጪ፣ አትቀየሚኝ" አለችኝ።

ዓመት ሙሉ አለቀስኩ። ለስምንተኛ ክፍል ሚኒስትሪ ከመመዝገባችን በፊት አባቴ ተሸነፈና ማመልከቻውን በዚያ ባማረ የእጅ ጽሑፉ ጽፎ ስሜን ሜሮን አስባለው። ጽፎ ሲጨርስ እስክሪብቶውን ከድኖ "ለአባባ በዳዳ ማን ይነግራቸዋል?" አለ።  የነገራቸውም የለም፤ እኔ ግን ከዚያ በኋላ ከአጥሩ ሲጠሩኝ አንዴ እያጠናሁ ነው፣ አንዴ ራሴን አሞኛል እያልኩ መውጣት ተውኩ።

በዚያው ዓመት ከተማው ደረሰ። መሬቱ ለቤት ግንባታ ይፈለጋል ተባለ፣ ሰዎች ሜትር ይዘው መጡ፣ ማሳው መሐል ችካል ተተከለ። የሚነሱት ገበሬዎች ምትክ ቦታ በዕጣ ይደርሳቸዋል ተባለ። ቦታው ሁለት ዓይነት ነበር፤ አንደኛው ከወንዙ ማዶ፣ ወላጆቻቸው የተቀበሩበት ቤተ ክርስቲያን ደወል የሚሰማበት፤ ሌላው ግን ማናችንም ስሙን ሰምተን የማናውቀው፣ ከከተማው ጫፍ አልፎ የሚገኝ ሜዳ። እማማ ጫልቱ ሳምንቱን ሙሉ እህል አልቀመሱም።

ዕጣው በሚወጣበት ቀን፣ ጠዋት አንድ ሰዓት ሳይሞላ፣ አባባ በዳዳ የዓመት በዓል ጋቢያቸውን ለብሰው በራችን ላይ ቆሙ። እኔ ዩኒፎርሜን ለብሼ ቁርሴን እየበላሁ ነበር። "ሚልኪ ኮ!" ሲሉ ብድግ ብዬ ወደ መኝታ ክፍሉ ገባሁና መጋረጃው ጀርባ ቆምኩ። እናቴን "የለችም በያቸው" አልኳት በሹክሹክታ። ለምን እንዳደረግኩት እስከዛሬ ድረስ በደንብ አላውቅም። ክፋት አልነበረም። አስራ አራት ዓመቴ ነው፤ ያንን ስም ከላዬ ላይ አውልቄ የጣልኩት መስሎኛል፣ ከወጣሁ ተመልሶ የሚጣበቅብኝ መስሎኛል።

"ወጥታለች አባባ፣ ትምህርት ቤት ሄዳለች" አለች እናቴ። እሳቸውን ዋሽታቸው አታውቅም።

 አባባ በዳዳ ቀስ ብለው "ሜሮን የምትባል ልጅ አለች አሉ እዚህ ቤት" አሉ። "እሷም ብትሆን ትበቃኛለች።"

ያውቁ ኖሯል። ማን እንደነገራቸው እንጃ፤ ምናልባት ጓደኞቼ ከአጥሩ ውጭ ሲጠሩኝ ሰምተው ይሆናል። አሁን ልውጣ ብዬ ነበር፣ እግሬን አንስቼም ነበር፤ ነገር ግን ማወቃቸውን እያወቅሁ በምን ፊቴ? ድርቅ ብዬ ቀረሁ። ጠበቁ። በመጋረጃው ጠርዝ ሳይ እናቴ አቀርቅራ የለበሰችውን ነጠላ ጫፍ ትጠቀልላለች። በመጨረሻ "ይሁን፣ ደህና ዋሉ" አሉና የከዘራቸው ድምፅ ከግቢው እየራቀ ሄደ።

ከትምህርት ቤት ስመለስ የእማማ ጫልቱ ለቅሶ ከመንገድ ይሰማ ነበር። የደረሳቸው ሩቁ ነው።

በሁለት ሳምንት ውስጥ ዕቃቸው አይሱዙ ላይ ተጫነ። ቀዩ በሬ ከሞተ ቆይቷል፤ የቀሩትን አስቀድመው ሸጠዋቸዋል። አባባ በዳዳ እያንዳንዱን ጎረቤት እየዞሩ ተሰናበቱ፤ እኔ ጋ ሲደርሱ እንደ ድሮው አናቴን እትፍ ይሉኛል ብዬ ጎንበስ አልኩ። እጃቸውን ዘርግተው እንደ ትልቅ ሰው ጨበጡኝና "ደህና ሁኚ፣ ሜሮን" አሉኝ። አጠራራቸው አንዳች እንከን አልነበረውም፤ ተለማምደውት የመጡ ይመስል ነበር። እሸቱ ገና ሳይደርቅ ማሳው ላይ ዶዘር ገባ፤ እኛም ብዙ ሳንቆይ ሃያ ሁለት አካባቢ ቤት ተከራይተን ለቀቅን።

ከዚያ ያየኋቸው አንዴ ነው። ሥራ ይዤ፣ አግብቼ፣ እናቴም ካረፈች በኋላ፣ ከአባቴ ጋር ሁለት ሚኒባስና አንድ ባጃጅ ቀይረን አዲሱ ቤታቸው ሄድን። እማማ ጫልቱ ሞተዋል። እሳቸው በረንዳቸው ላይ ቁጥቋጦ ወደማይበዛበት ሜዳ ፊታቸውን አዙረው ተቀምጠዋል፤ ዓይናቸውን ሞራ ሸፍኖታል፣ እጄን ዳብሰው ነው ያወቁኝ። አባቴ ውኃ ሊጠጣ ወደ ውስጥ ሲገባ ድፍረት አገኘሁና "አባባ፣ ያን ቀን ቤት ነበርኩ" አልኳቸው።

"አውቃለሁ" አሉ ወዲያው። "እግርሽን በመጋረጃው ሥር አይቼዋለሁ። እግርም ከሰው ነው ብዬ ደስ ብሎኝ ሄድኩ። አንቺ ምን አደረግሽ? ዕጣ ነው።"

ስንመለስ ባጃጁ ውስጥ እያለቀስኩ ለአባቴ ነገርኩት። ስንት ዓመት ከደረቴ ላይ ያልወረደ ድንጋይ ወረደልኝ አልኩት። አባቴ መንገዱን እያየ "የናትሽ መጋረጃ መሬት ይጠርግ አልነበር?" አለኝ። እውነቱን ነው። እናቴ አቧራ እየሰበሰበ አስቸገረኝ እያለች በየሳምንቱ የምታጥበው መጋረጃ ነበር፤ በሥሩ የአይጥ ጅራት እንኳ አይታይም።

ዳግመኛ እሄዳለሁ እያልኩ ዓመታት አለፉ። አባቴ አረፈ። ባለፈው ዓመት የአባባ በዳዳን ሞት በሰው በሰው ሰምቼ ቀብራቸው ላይ ደረስኩ። እዚያው ሩቁ ሜዳ ላይ በተሠራ አዲስ ቤተ ክርስቲያን ተቀበሩ፤ ወላጆቻቸው ካሉበት ስንት ሰፈር ርቀው። ድንኳኑ ውስጥ የማውቀው አንድ ሰው አልነበረም። በሩ አጠገብ ተቀምጣ በስልኳ ለቀረ ሰው ሁሉ ስትደውል የቆየች የልጅ ልጃቸው ንፍሮ ይዛልኝ መጣችና ከየት እንደመጣሁ ጠየቀችኝ።

"የድሮ ጎረቤት ነኝ። ሜሮን እባላለሁ" አልኳት፤ ከአፌ የወጣው ሃያ ስንት ዓመት የለመደው ነው።

ፊቷ በራ። "የድሮው ሰፈር? እንግዲያው ሚልኪ የምትባለውን ታውቂያታለሽ! አያቴ መጨረሻ ላይ እሷን እሷን ነበር የሚሉት። ንገሯት፣ ጥሯት ይሉናል፤ ማን እንደሆነች የሚያውቅ ከመሐላችን የለም። እዚህ መጥታ ይሆን ብዬ ሰው ስጠይቅ ነው የዋልኩት። ስልኳ አለሽ?"

የንፍሮው ሳህን እጄ ላይ ነበር። እኔ ነኝ ለማለት አፌን ከፈትኩ። ብናገር ለምን ሳልመጣ እንደቀረሁ ትጠይቀኛለች፤ ያንን ስም የሰጡኝ፣ ወዶ ያጸደቀልኝ አባቴ፣ በጆግ ውኃ ያስያዘችኝ እናቴ፣ ሁሉም ከአፈር በታች ናቸው፤ እኔ ነኝ ብል የሚመሰክርልኝ አንድ ሰው በምድር ላይ አልቀረም።

"የለኝም" አልኳት።

"ብትሰማ ደስ ይላት ነበር" አለችና ሌላ እንግዳ ልታስተናግድ ሄደች።