የእትዬ አስካለማርያም እርሳስ

መምህር ወልደአረጋይ ደብረ ብርሃን ሙዚቃ ያስተማሩን ሰው ናቸው። በወጣትነታቸው፣ ቅዳሜ ከሰዓት፣ ከባለቤታቸው ከእትዬ አስካለማርያም ጋር አንድ አሮጌ የእንግሊዝኛ የሃርመኒ፣ ድምፆችን አዋሕዶ የመጻፍ፣ መማሪያ ይዘው ይቀመጡ ነበር። መምህር መልመጃውን በአኮርድዮን ይጫወታሉ፤ እትዬ መልሱን እዚያው መጽሐፉ ላይ በእርሳስ ይሞላሉ።

አምና እትዬ ዐረፉ። መምህር አላለቀሱም። እንግዳ ሲገባ ይነሳሉ፣ ሲወጣ ይቀመጣሉ፤ ይኸው ነው። በአርባው የመምህር ታናሽ ወንድም ቄስ ተስፋሚካኤል ከአንኮበር መጥተው፣ በካህናት ቤተሰብ ልማድ፣ ለነፍሷ ይሁን ብለው የእትዬን መጻሕፍት ለደብራቸው ወሰዱ። ከዳዊቱ ጋር የሃርመኒው መጽሐፍም ሄደ። አምስቱን መስመርና ነጠብጣቡን አይተው የዜማ መጽሐፍ መስሏቸው ነበር። መምህር መጽሐፉን እያዩ እስከ በር ሸኟቸው።

ቆይቶ ግን ያንን የእርሳስ ጽሑፍ ፈለጉ። ለደብሩ ሌላ ቅጂ ሰጥተው የእትዬን ሊያስመልሱ አሰቡ። የኮፒ ቤቱ ነቢዩ ከኢንተርኔት በነጻ ያወረደውን ቅጂ ከስልኩ አትሞ ሊሰጣቸው ቢል፣ የተሰረቀ ለቤተ ክርስቲያን አይሰጥም ብለውት ወጡ። አዲስ አበባ ከአሮጌ መጽሐፍ ሻጭ አንድ አገኙ፤ የቤተ መጻሕፍት ማኅተም ስላለበት መልሰው አስቀመጡት። በመጨረሻ የአንድ ሟች ሙዚቀኛ ልጅ የአባቷን መጽሐፍ የሽያጭ ወረቀት ፈርማ ሸጠችላቸው።

አንኮበር ሲደርሱ ጉም ነበር። ቄስ ተስፋሚካኤል መጽሐፉን ከዕቃ ቤት አወጡት። የቆዳ ማኅደር አሰፍተውለታል። የመጀመሪያው ገጽ ላይ በቀይ ቀለም፣ «ይህን መጽሐፍ የሸጠ፣ የለወጠ፣ የሰረቀ ውጉዝ ይሁን» ይላል።

«እኔው ነኝ የጻፍኩት» አሉ ቄሱ፣ ዓይናቸውን መሬት ላይ ተክለው። «እንዳይጠፋባት ብዬ እኮ ነው፣ ጋሼ።»

መምህር ያመጡትን ቅጂ ጉልበታቸው ላይ አስቀመጡ። «መገልበጥስ፣ አባ?»

«መገልበጥማ ማን አወገዘው? እኛስ ስንገለብጥ አይደል ያረጀነው?»

መምህር ደጀ ሰላሙ ሥር ተቀምጠው የእትዬን መልሶች ወደ ንጹሑ መጽሐፍ ይገለብጡ ጀመር። እጃቸው ብቻ ይሠራ ነበር፤ የቀረው አካላቸው ሌላ ቦታ ያለ ይመስላል። አንዱ መልመጃ ላይ እትዬ ሁለት ድምፆችን በአምስት እርከን አራርቀው ጎን ለጎን አስኬደዋቸዋል፤ የሃርመኒ ሕግ ይህን ይከለክላል። እኛ እንዲህ ስንሳሳት መምህር ገጹን ሙሉ በቀይ ይሰርዙብን ነበር። እርሳሳቸው ቆመ። ላጲሱ ኪሳቸው ውስጥ ነበር።

እንዳለ ገለበጡት።

ቄሱ መጥተው መጨረሳቸውን ጠየቁ።

«ገና ነው» አሉ መምህር፣ ገጹን እየገለጡ።