ማዕረጉ የተጻፈበት ስም

ከጎንደር የወጣነው ቅዳሜ ማታ፣ ሰንበት ካለፈ በኋላ ነው። ባለቤቴ ሦስት ኮከብ እስኪታይ አላስነሳንም። እናቱ የአልጋ ቁራኛ ስለነበሩ እሱ ቀረ። «ለማን ጥያቸው? እከተላችኋለሁ» አለኝ። ከዚያ ወደ ጆሮዬ ጎንበስ ብሎ፣ «ስሜን ለማንም እንዳትሰጪ» አለ። ቤተሰቡን በሱዳን በኩል የሸኘ ሰው ከታወቀ ይታሰር ነበር።

ስለዚህ ስሙን እዚህም አልጽፍም። የልጄንም ስም ለውጬ ትርንጎ እላታለሁ። ያን ጊዜ አሥራ ሁለት ዓመቷ ነበር።

መንገዱን አላወራም፤ ያለፋችሁበት ታውቁታላችሁ፣ ያላለፋችሁበት ባታውቁት ይሻላል። ሱዳን፣ ገዳሪፍ የስደተኞች ሰፈር ውስጥ አይሁድ መሆናችንን ደብቀን ወራት ተቀመጥን። እግዚአብሔር ይመስገን፣ ሁለታችንም እዚህ አይሁድ አገር ደረስን። ከእኛ በኋላ ግን ጋዜጦች ስለ ጉዞው አወሩና መንገዱ ተዘጋ፤ ሱዳን የቀረው ቀረ። ከዚያ ወዲህ ጋዜጣ ባየሁ ቁጥር እበረግጋለሁ።

ስንመዘገብ ጠረጴዛው ላይ የነበረችው ልጅ ከሃያ ዓመት አትበልጥም። እዚህ አገር አንቱ የለም፤ ሽማግሌውም ሕፃኑም አንተ ነው። ከእኛው ሰዎች አንዱ ያስተረጉማል።

«የልጅቷ ስም?»

«ትርንጎ።»

«ይከብዳል። ታማር ትባል።»

«ስም አላት እኮ።»

«እንግዲህ ሁለት ይኑራት፤ ማዘል ቶቭ፣ እንኳን ደስ አላችሁ። የአባቷስ?»

ደነገጥኩ። የራሴን አባት ስም ሰጠኋት። «ተገኘ» አልኩ። አባቴ ከሞቱ ቆይተዋል፤ ማንም አያስራቸውም።

«አንቺስ የማን ልጅ ነሽ?»

«የተገኘ።»

ቀና ብላ አየችን። «ለሁለታችሁም አባት ነው?»

«ሞክሼ ናቸው» አልኩ። አስተርጓሚው ሳሉን ሳለ።

ፔታህ ቲክቫ ከተማ፣ ሻአሪያ በሚባል ሰፈር ውስጥ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ቤት ተሰጠን። እኔ ፋብሪካ ማጽዳት ጀመርኩ። ዳቦው እንደ ጥጥ ነው፤ ዝናቡ የሚመጣው በእኛ በጋ ነው። በር ሲንኳኳ ግን ሁለታችንም እንደ ድሮው ዝም እንላለን፤ አንኳኪው የጋዝ ሰውዬ ሆኖ፣ ከበሩ ወዲያ እየጮኸ ይሄዳል።

ትርንጎ ከሰው ጋር አልነጋገር አለች። አስተማሪዋ ብታዝንላት ወደ ሻህማት ክበብ ወሰደቻት፤ ክበቡ ሕንፃው ሥር፣ ሚቅላት በሚሉት የቦምብ መሸሸጊያ ውስጥ ነው። ሻህማት የእኛው ሰንጠረዥ ነው። ባለቤቴ ቀጥቃጭ ነበር፤ ጨዋታውን የለመደው ማረሻ ከሚያበጅላቸው ባላባት ነው። እሳቸው ከእኛ ጋር ማዕድ አይቀርቡም፤ እኛም የእሳቸውን አንበላም። ለሰንጠረዥ ግን ፊት ለፊት ይቀመጡ ነበር። እሱም ለልጁ አስተማረ።

በእኛ ጨዋታ ሲጀመር ተራ የለም። አንዱ የሌላውን እስኪበላ ድረስ ሁለቱም የፈቀዱትን ያህል ያሰልፋሉ፤ ወረራ ይባላል። ትርንጎም እኔ በር ላይ ቆሜ ሳይ ተቀመጠችና እግረኛውንም ፈረሱንም ሳታቋርጥ ገፋች። ልጆቹ በሳቅ ፈነዱ። «ብቻዋን ትጨርሰው! ያላ፣ እኛ ወደ ቤት እንሂድ!» አለ አንዱ።

የክበቡ አስተማሪ ዬፊም፣ ከሩሲያ የመጡ ሽማግሌ፣ አልሳቁም። «እንዲህ ማን አስተማረሽ?» አሏት።

«አባ» አለች፤ አባቴ ማለቷ ነው። በዕብራይስጥ ለሰው ስትመልስ ስሰማት የመጀመሪያዬ ነበር።

ዬፊም አንዳንድ ቀን እስከ ደጃችን ይሸኙናል፤ ትርንጎ ታስተረጉማለች። ማስተር የሚባል ማዕረግ ነበራቸው። ከእሱ በላይ ዓለም አቀፍ ማስተር፣ ከሁሉ በላይ ግራንድ ማስተር አለ አሉኝ።

«እንደ ቀኛዝማች፣ እንደ ደጃዝማች ነዋ?»

«እንደዚያ ነው።»

«መሬት ያሰጣል?»

ካፖርታቸውን አሳዩኝ። «ይህን አሰጥቶኛል።»

ከአገራቸው ልውጣ ብለው ሲያመለክቱ ስማቸውን ከመዝገብ ፋቁት። ያሸነፉበት ውድድር መጽሐፍ ላይ ሲታተም እሳቸው የሉበትም። «ሁለተኛው ሰው አንደኛ ሆነ» አሉ። «ምስኪን፣ በማን እንደተሸነፈ እንኳ ማስረዳት አይችልም።»

በሁለተኛው ዓመት ትርንጎ የከተማውን የልጃገረዶች ውድድር አሸነፈች። ማዕረጉ እንዲጸድቅ መዝገብ ላይ መስፈር አለባት ተባለና ሦስታችን ወደ ሚስራዱ፣ ወደ ሻህማት ማኅበሩ ቢሮ ሄድን። ሹሙ መታወቂያዋን አይቶ «ታማር ተገኘ» ብሎ ሊጽፍ ጀመረ።

«አይደለም፤ አባቴ ተገኘ አይባልም» አለች ትርንጎ። እውነተኛውን ስም ጠራችው።

«ዝም በይ!» አልኩና ወረቀቱን በመዳፌ ከደንኩት።

«እመቤት፣ ይህ የሻህማት ዝርዝር ነው፤ የፖሊስ አይደለም» አለኝ ሹሙ።

«በእኛም አገር ሲጀመር ዝርዝር ብቻ ነበር።»

«በሰደር፣ ይሁን። ታዲያ ማን ልበል? ቢሮው ሊዘጋ ነው።»

ትርንጎ ወደ እኔ ዞራ በአማርኛ፣ «እማዬ፣ እሱ ባስተማረኝ ነው ያሸነፍኩት። በሌላ ሰው ስም አልወስደውም» አለች።

ዬፊምን አየኋቸው። ጫማቸውን እያዩ፣ «እኔን የፋቁኝ ጠላቶቼ ነበሩ» አሉ።

በእኛ አገር መዝገብ ሣጥን ውስጥ ተቆልፎ ይቀመጣል፤ ከጸሐፊው በቀር የሚያየው የለም። ይህም እንደዚያ መሰለኝ። እጄን አነሳሁ። ስሙን ራሷ ጻፈችው። ደስ አለኝ፤ አልዋሽም።

አርብ ከሰዓት በኋላ የሰንበቱን ምግብ ስሠራ ዬፊም እያለከለኩ ደረጃውን ወጡ። ጋዜጣ ይዘዋል። ለካስ በየሳምንቱ አርብ የሻህማት ዓምድ አለ፤ ማዕረግ ያገኘ ሁሉ ስሙ ይወጣል፤ ለእነሱ ክብር ነው። የትርንጎ ፎቶ፣ ከሥሩ ስሟ ከነአባቷ፣ «ጎንደር ያሉት አባቷ ያስተማሯት» የሚልም አለበት። ትርንጎ እየሳቀች ስታነብልኝ ድስቱ አረረ።

«የዕብራይስጥ ጋዜጣ ጎንደር ማን ያደርሰዋል?» አሉኝ ዬፊም።

«እናንተ አገር እንዴት ነበር የሚያውቁት?»

ባርኔጣቸውን አውልቀው ተቀመጡ።

በሰንበት ማዘን አይገባም፤ እንባዬን እስከ ቅዳሜ ማምሻ ያዝኩት።

ሦስት ሳምንት አለፈ። እሑድ ጠዋት ስልክ ያላት ጎረቤታችን በረንዳዋ ላይ ቆማ ጠራችኝ። የባለቤቴ ወንድም ነው፤ አዲስ አበባ ወርዶ ከቴሌ ነው የደወለው። መስመሩ ላይ የሌላ ሰው ትንፋሽ ይሰማል። ስም አልጠራንም።

«እንደምን አላችሁ?» አልኩ።

«እግዚአብሔር ይመስገን። ልጅቱስ?»

«ደኅና ናት። የቤቱ ባለቤትስ?»

«ጠርተውት ሄዷል» አለ፤ ታሰረ ማለቱ ነው።

«መቼ?»

«የሄደውማ...» አለና መስመሩ ተቋረጠ። ከጋዜጣው በፊት ይሁን በኋላ ሳልሰማ ስልኩን ይዤ ቆየሁ፤ ተመልሶ አልደወለም።

ትርንጎ ከጎኔ ቆማለች። «አጎቴ ነው? ማዕረጌን ነገርሽው? አባባ ሰማ?»

«ሰምቷል» አልኳት።

እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ፤ ዋሽቻት ይሁን እውነት ነግሬያት፣ እስከ ዛሬ አላውቅም።