መሠረት የጨመረችው ክፍል

እዚህ ፈረንጅ አገር ኦሮራ ከተማ ውስጥ መሠረትን የማያውቅ ሐበሻ ካለ ስልክ የሌለው ነው። መልኳን አይደለም፣ ድምፅዋን ነው የምላችሁ። ያቺ የኢንዶኔዥያ ድራማ በአማርኛ የምትተርከው ሴት እሷ ናት። እዚህ አገር ስመጣ መኪና መንዳት ያስተማረችኝ ጓደኛዬ ነበረች። ነበረች!

ፓርክ ሂል የሚባል ሰፈር አንዲት አዛውንት ፈረንጅ ትንከባከባለች። ጠዋት ሥራ ከመግባቷ በፊት ደጃቸው ላይ ፓርክ አድርጋ፣ መስኮቱን ዘግታ፣ ትረካዋን ስልኳ ላይ ቀድታ ኢንተርኔት ላይ ትለቃለች። ቤቷማ ልጆቿ ይንጫጫሉ። ከኮሪያውና ከቱርኩ በኋላ የኢንዶኔዥያው ሲመጣ፣ "ይሄ እኛን ነው የሚመስለው፤ አማት፣ ጎረቤት፣ ይሉኝታ፣ ለቅሶ!" አለች። አልተሳሳተችም። መጀመሪያ ሠላሳ ሰው አያየውም ነበር፤ ዛሬ ከጅማ እስከ ጅዳ ይጠብቋታል። የሚገርመው፣ ከቋንቋቸው አንዲት ቃል አታውቅም! ከታች የሚጻፈውን እንግሊዝኛ እያነበበች፣ ያልገባትን ከራሷ እየሞላች ነው። ስትሞላው ደግሞ ከዋናው ይጣፍጣል። እውነቱን ልናገር፣ እኔም አልቅሼበታለሁ።

የኔ ነገር እንዲህ ነው። ከሃያ ዓመት በፊት ስሰደድ የሦስት ዓመት ልጄን ኪሩቤልን ለእህቴ ትቼ ወጣሁ። ናይሮቢ ላይ የስደተኛ ፎርም ስሞላ "ልጅ አለሽ?" ሲሉኝ "የለኝም" ብዬ ፈረምኩ፤ አለኝ ካልሽ ጉዳይሽ ይጓተታል ብለው ደላሎች አስፈራርተውኝ። እህቴ እንደ ልጇ አሳደገችው። እኔን "አክስቴ" ይለኛል። ይህን የምናውቀው እኔና እሷ ብቻ ነበርን። ዘንድሮ ለፋሲካ ሄጄ በገዛ አፌ ልነግረው ቲኬት ቆረጥኩ። ጭንቀቱ ሲያንቀኝ ለመሠረት አንድም ሳላስቀር አወራኋት። አብራኝ አለቀሰች። "እኔ ጋ ተቀበረ በይው" አለችኝ። ሆድ ካገር ይሰፋል ሲባል እሰማለሁ፤ የሷ ሆድ ግን ስድስት ሳምንት አልቻለም።

የምሠራው ሆቴል ላውንድሪ ውስጥ ነው። ሰኞ ዕለት ከባልደረባዬ ከፀዳል ጋር አንሶላ ስናጣጥፍ ስልኳን ከፈተችው።

"አረጋሽ፣ ጉድ ስሚ! ራትና ለካ ልጅ ነበራት!"

ራትና ድራማው ውስጥ ያለችው ሚስት ናት። የመሠረት ድምፅ "ልጅ የለኝም ብላ ፈረመች" ይላል። ፀዳል "የልጇ ታሪክ ከተጀመረ ይሄማ ሦስተኛ ክፍሉ ነው፣ የት ነበርሽ?" እያለች እንባዋን ትጠርጋለች። ቀጥሎ ድምፁ "በፈላ ወተት የተቃጠለች ግራ ትከሻው" አለ። አንሶላው ከእጄ ወደቀ። የቱ ኢንዶኔዥያዊ ነው ግራ ትከሻው በፈላ ወተት የተቃጠለ? የኔ ልጅ ነው እንጂ!

በማግሥቱ ጠዋት ፓርክ ሂል ሄጄ የመኪናዋን መስኮት ደበደብኩት።

"ስም አልጠራሁም አረጉ! በማርያም፣ ስም አልጠራሁም!"

"ምን አጥተሽ ነው?"

"ድራማው ውሃ ውሃ አለ። ሰው እየሸሸኝ ነበር። የኢንዶኔዥያ ታሪክ ነው ይላሉ እንጂ፣ ያንቺ መሆኑን ማን ያውቃል ብዬ ነው።"

"ትከሻውንስ?"

"አሁኑኑ አጠፋዋለሁ" ብላ ስልኳን ስታነሳ የኔው ጠራ። ኪሩቤል ነው። እሱ የሚደውለው እሁድ እሁድ ነው።

"ትከሻዬን ከድራማው ስሰማ እማዬን ጠየቅኳት" አለኝ፤ እህቴን ማለቱ ነው። "አለቀሰች እንጂ አልካደችም።"

"ለፋሲካ መጥቼ ራሴ ልነግርህ ነበር" አልኩት።

"ዓለም ሁሉ ከሰማ በኋላ?"

መሠረት በተከፈተው መስኮት እያየችኝ አፏን በእጇ ይዛለች። ምነው ያኔ በያዘችው!

"የልጁ ታሪክ የመጀመሪያው ክፍል ሲወጣ እኔም አስተያየት ጽፌ ነበር" አለ ኪሩቤል። "'ልጇን የካደች ሴት አፈር ትብላ' ብዬ። ድራማ መስሎኝ ነው።"

"ገባኝ የኔ ጌታ። አላወቅህም።"

"ዛሬ ላጠፋው ገብቼ ነበር" አለኝ። "ደግሜ አነበብኩትና ተውኩት።"