የእትዬ አስካለ የአስር ሰዓት ሻይ

ባለፈው ሳምንት ሄሮን ሰፈር ውስጥ በአንድ ዳቦ ቤት ደጃፍ ሳልፍ የቀለጠ ቅቤ፣ የሄልና የተቁላላ ሽንኩርት ሽታ አንድ ላይ መጣብኝ። ጣፋጩና ጨዋማው እንዲህ ተደባልቆ የሚሸት ቤት በሕይወቴ የማውቀው አንድ ብቻ ነው፤ ሀራሙስ ሰፈር፣ አባቴ ዘበኛ የነበረበት ቪላ ወጥ ቤት። እዚያው ቆምኩ። እትዬ አስካለ ትዝ አለችኝ።

አሮጌው ባቡር ገና ከዚህ ወደብ ድንበር አቋርጦ ወደ ድሬዳዋ በሚመላለስበት ጊዜ ነው። እናቴ ከሞተች በኋላ እኔና አባቴ ከቪላው በር አጠገብ ባለች አንዲት ጠባብ ክፍል እንኖር ነበር። ግንቡ ረጅም ነው፤ ጫፉ ላይ የጠርሙስ ስባሪ ተተክሎበታል። ባሕሩ ከግንቡ ማዶ ስለሆነ ድምፁን እንሰማለን እንጂ አናየውም። አባቴ በሩን ጥሎ መሄድ አይችልም፤ እኔም ብቻዬን መውጣት አይፈቀድልኝም። ስምንት ዓመት ሞልቶኝ የትምህርት ቤት ደጃፍ አልረገጥኩም ነበር።

እትዬ አስካለ የቤቱ ምግብ አብሳይ ነበረች። የድሬዳዋ ልጅ ናት፤ ቀጭን፣ ድምፅዋ ዝቅ ያለ፣ ሰማያዊ ሻሽ ከራሷ የማይወርድ። የቪላው እመቤት ማዳም ሐሙስ ሐሙስ በአስር ሰዓት ጓደኞቿን ሻይ ትጋብዛለች። እትዬ አስካለ ለዚያ ሻይ የምትሠራውን ዓይነት ከዚያ ወዲህ የትም አልቀመስኩም። የፈረንሳዮቹን ሊጥ በቅቤ እያጠፈች፣ እንደገና እየዳመጠች ስስ ስስ ታደርገውና ውስጡን በሚጥሚጣ የታሸ ምስር ትሞላዋለች። ሳምቡሳውን ቴምርና ትንሽ በርበሬ ሞልታ ከጠበሰች በኋላ ማር ታንጠባጥብበታለች። መጀመሪያ ይጣፍጣል፣ ቆይቶ ያቃጥላል። በዚያ ሙቀት ቅቤ እጅ ላይ ይቀልጣል፤ መብራት ሲጠፋ በረዶ የሞላ ሳፋ ላይ ትሪ ደፍታ እሱ ላይ ነበር የምትዳምጠው። ላቧ እንዳይንጠባጠብ ግንባሯ ላይ ፎጣ ታስራለች።

እኔ የወጥ ቤቱ ደረጃ ላይ ቁጭ ብዬ አያታለሁ። ቅርጹ የተበላሸው የእኔ ነው።

«ቅመሺና ንገሪኝ፤ ማሩ ነው የቀደመው በርበሬው?» ትለኛለች።

እንግዶቹ ሲያደንቁ ማዳም «የራሴ ፈጠራ ነው» ስትላቸው በመስኮት ይሰማል፤ ትርጉሙን ያወቅኩት በኋላ ነው። እትዬ አስካለ መዳመጫዋን ትገፋለች። ፈረንሳይኛ ትሰማለች ብሎ የሚያስብ አልነበረም።

ፓስፖርቷ ማዳም መኝታ ቤት፣ ቁም ሳጥን ውስጥ ተቆልፎበታል። በመጣች ቀን «እንዳይጠፋብሽ» ተብሎ ከእጇ ከተወሰደ አራት ዓመት አልፎታል። በእነዚያ ዓመታት ከበሩ የወጣችው ለገበያ ብቻ ነው፤ ያውም ከማዳም ጋር፣ በማዳም መኪና።

አንድ ቀን የጭነት መኪና ሹፌር የሆነ የሰፈሯ ሰው በሩን አንኳኩቶ ለአባቴ መልእክት ነገረው። የአስካለ እናት ታመው ተኝተዋል፤ ስሟን እየጠሩ ነው። እትዬ አስካለ ማዳምን ለመነች። «ከበዓሉ በኋላ» ተባለች። በዓሉ አለፈ። «ከፈረንሳይ እንግዳ ይመጣል፣ ከዚያ በኋላ» ተባለች።

«ጋሽ ገረመው፣ በሩን ብትከፍትልኝስ?» አለችው አባቴን።

«በሩንስ እከፍትልሻለሁ። ያለ ወረቀት ግን የት ትደርሻለሽ? ባቡር ጣቢያው ላይ ይይዙሻል» አላትና አንገቱን ደፋ። እሱም እንጀራው እዚያው በር ላይ ነበር።

የዚያን ሳምንት ሐሙስ እትዬ አስካለ ምድጃውን አልለኮሰችም። በረንዳው ላይ ነጩን የጠረጴዛ ልብስ አነጠፈች፣ ሲኒዎቹን ደረደረች፣ ሻዩን አፈላች። ትሪዎቹን ባዶአቸውን አቀረበች። እንግዶቹ ተቀምጠው እርስ በርስ ሲተያዩ ማዳም ጮኻ ጠራቻት። እትዬ አስካለ እጇን እያደረቀች ወጣችና በፈረንሳይኛ ተናገረች። የተባባሉትን በኋላ አባቴ ነው የተረጎመልኝ።

«ማዳም፣ ዛሬ የሚበላ የለም። እናቴ ልትሞትብኝ ነው። ፓስፖርቴ እርስዎ ቁም ሳጥን ውስጥ ነው። እስኪሰጡኝ እዚሁ ቆሜ እጠብቃለሁ።»

«ግቢ ወደ ውስጥ!» አለች ማዳም ፊቷ ቀልቶ።

አልተነቃነቀችም። እኔ ከወጥ ቤቱ ደረጃ ሆኜ አያታለሁ። ከእንግዶቹ አንዷ፣ ሽበታም ሴት፣ ሲኒዋን አስቀመጠች።

«እውነት ነው? ፓስፖርቷን ይዘሽባታል?»

ማዳም ተነስታ ገባች። ስትመለስ ፓስፖርቱን ባዶ ትሪ ላይ ወረወረችው። እትዬ አስካለ አንስታ ገልጣ አየችው፤ የራሷ መሆኑን ያላመነች ይመስል ፎቶውን ደጋግማ አየች።

በማግስቱ ጠዋት አንድ ፌስታል ይዛ ወጣች። ጉንጬን ሳመችኝ፤ ማልቀሴን አይታ «እኔ ሳላለቅስ?» አለችኝና ባቡሯን ለመያዝ ሄደች። ከወራት በኋላ ያው ሹፌር ወሬዋን አመጣልን። በሕይወት ደርሳባቸዋለች፤ እናቷ እሷው ክንድ ላይ አርፈዋል። ከዚያ በኋላ አላየናትም።

እሷ በሄደች በሁለተኛው ሳምንት አባቴ ኮፍያውን አውልቆ የማዳም ባል፣ ጌታዬው ፊት ቆመ። «ልጄን ትምህርት ቤት አስገባታለሁ። ጠዋትና ቀትር ሳመላልሳት በሩን ሌላ ሰው ይጠብቅ። ካልሆነም እለቃለሁ» አለው። ኮፍያውን ሁለት እጁ ውስጥ ጨምድዶት ነበር። ጌታዬው አጉረምርሞ እሺ አለ።

አድጌ፣ እንዴት ደፍሮ እንደጠየቀ ሳነሳበት አባቴ ብዙ አላወራልኝም።

«እሷ ስትናገር በሩ ላይ ቆሜ ሰማኋት» ነበር ያለኝ።