ዘጠነኛው መደብ

ዘንድሮ ለፋሲካ፣ ቀሐ ወንዝ አጠገብ በተከራየሁበት ግቢ ጎረቤቶቼ በሬ አርደው ሥጋውን በሚዛን ሲካፈሉ፣ የተቀጠፈ የባሕር ዛፍ ቅጠልና የትኩስ ደም ሽታ በመስኮቴ ገባና እጄ ላይ የነበረውን መጽሐፍ አስቀምጬ በሐሳቤ ወደ ትክል ድንጋይ፣ ወደ ልጅነቴ ሰፈር ሄድሁ።

ሦስተኛ ክፍል ነበርሁ። ክፍልፋይ የተማርነው በዚያው ሰሞን ነበርና፣ ስለማፍር ለማንም አልናገርም እንጂ፣ እናቴ ድፎ ዳቦ ስትቆርስ የማን ቁራሽ ከሩብ እንደሚያንስ በልቤ እይዝ ነበር።

የሰፈራችንን ቅርጫ የሚመድቡት አያ ታከለ የሚባሉ ሽማግሌ ነበሩ። ከጉበቱም ከጎድኑም ከሻኛውም እኩል እኩል እየጣሉ በቅጠል ላይ ስምንት መደብ ለስምንት አባወራ ይሠራሉ፤ እያንዳንዱ ሰው ጠጠር ወይም ጭራሮ ወይም የባቄላ ፍሬ ምልክቱን ይሰጣቸዋል፤ የማን እንደሆነ የማያውቅ ልጅ ደግሞ በየመደቡ ላይ አንድ አንድ ይጥላል። ያን ጠዋት ዕጣ ጣይዋ እኔ ነበርሁ።

ጉሙ አጥሩን ውጦታል። አያ ታከለ ምልክቶቹን በመዳፌ ሲያፈሱልኝ በዓይኔ ቆጠርሁ፤ ስምንት። ስምንቱን መደብ ዞሬ ስጨርስ ግን እጄ ባዶ አልሆነም። እንደ በረዶ የሚቀዘቅዝ፣ ከቀንድ የተቀረጸ፣ ጠርዙ የተሸረፈ የልብስ ቁልፍ ቀርቶ ነበር።

«ምነው ልጅት፣ ከየት አመጣሽው?» አለኝ አንዱ።

ቁልፉን ሁሉም ያውቁታል። ከጥቂት ወራት በፊት የሞቱት የአያ ሞላ የዕጣ ምልክት ነበር። ከእሳቸው ሞት ወዲህ ሚስታቸው እትዬ ዘነቡ ከቅርጫው ቀርተው፣ ልጆቻቸው ያን ፋሲካ ሥጋ ሳይቀምሱ ሊውሉ ነው።

«ስንገንዘው በዚህ እጄ አስጨብጬው ነበር እኮ» አሉ አያ ታከለ፣ ድምፃቸው ወርዶ።

«ሙትም ሥጋ ያምረዋል እንዴ?» ብሎ አንዱ ሊያስቅ ሞከረ። እኔ መቃብር ቆፈርሽ እንዳይሉኝ ፈርቼ እንባዬ መጣ፤ አባቴ መዳፌን ከፍቶ አየና መልሶ ዘጋው።

«አፍርሱት» አሉ አያ ታከለ በመጨረሻ። «ዘጠኝ ይሁን።»

ከየመደቡ እየቀነሱ ዘጠነኛውን ሲሠሩ፣ ዘጠኝ ከስምንት እየበለጠ አንድ ዘጠነኛ ከአንድ ስምንተኛ እንዴት እንደሚያንስ፣ መምህራችን በጠመኔ ሲደክሙበት የከረሙት ነገር በዓይኔ ፊት ገባኝ። የስምንቱም ሰው ድርሻ ትንሽ ትንሽ አነሰ፤ ያጉረመረመ ግን አልነበረም። ዕጣውን ደግሜ ጣልሁ።

ቁልፉ የወደቀበትን ሥጋ ከአባቴ ጋር ይዘን ስንሄድ፣ ማንም ቀድሞ ያልነገራቸው እትዬ ዘነቡ በራቸውን ከፍተው፣ የታጠበ ትሪ ይዘው ቆመው ነበር። ማን ላከው ብለው አልጠየቁም።

«ዘገያችሁ» አሉ ብቻ።

አያ ታከለም ዛሬ በሕይወት የሉም። እኔና እኩዮቼ ተምረን በየከተማው ቀረን፤ ከነዚያ ቤቶች የሚበዙት ተዘግተዋል። ለእንኳን አደረሰህ ስደውል፣ በሬ የሚጨርስ ሰው ስለ ጠፋ ለሦስት አንድ በግ ማረዳቸውን አባቴ ነገረኝ።

«ሲሶ ደረሰኝ» አለ።

በክፍልፋይ ቢሰላ፣ ከቅርጫ ይህን ያህል ድርሻ በዕድሜው ደርሶት አያውቅም። ድምፁ ግን ምንም እንዳልደረሰው ሰው ነበር።